ወሎን የጻፏት ሰዎች ለምን ሁልጊዜ አካሏን ብቻ ያያሉ?

የጦሳ ልጅ
ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 2፡10

ሰላም ናችሁ ወገኖች። ደሴ ውስጥ አማርኛ አስተምራለሁ፤ ዘጠነኛና አሥረኛ ክፍል። ባለፈው ሳምንት ገላጭ ድርሰት ላይ ነበርን። ተማሪዎቼን "አንድ ሰው ምረጡና በቃላት ሳሉት" አልኳቸው። አንዷ ልጅ ስልኳን አወጣች። ስልክ ክፍል ውስጥ ክልክል ነው። የዚያን ቀን ግን መቆጣቱን ተውኩት፤ ፊቷን ሳየው ከበደኝ። ያሳየችኝ በ1977ቱ ረሃብ ጊዜ የተነሳ ፎቶ ነው። አንዲት እናት ልጇን ታቅፋ መሬት ላይ ተቀምጣለች። ነጠላዋ ከትከሻዋ ወርዷል። የአንገቷ አጥንት ይቆጠራል።

"መምህር፣ እሷን ነበር መጻፍ የፈለግኩት" አለችኝ። "ግን ስሟ የለም። ያነሳት ሰው ስም ነው ያለው።"

መልስ አጣሁ። ደወል ተደወለና ተለያየን።

ቤት ከገባሁ በኋላም ነገሩ አልለቀኝም። ወሎ በሌላው ዓለም መጽሐፍ፣ ፊልምና ሙዚየም ውስጥ እንዴት እንደገባች ወደ ኋላ እየቆጠርኩ ሄድኩ። ሁሌም የምትገባው በአካል ነው። በፀጉር፣ በአጥንት፣ በባዶ ሆድ።

መቅደላን ውሰዱ። እ.ኤ.አ. በ1868 በጄኔራል ናፒየር የተመራው የእንግሊዝ ጦር ሲመጣ ወታደር ብቻ አልነበረም የመጣው። ከህንድ የተጫኑ ዝሆኖች ነበሩ። ዊልያም ብላንፎርድ የሚባል የሥነ ምድር ተመራማሪ ነበር፤ በየመንገዱ ድንጋዩን እያጠና፣ ወፉንና አውሬውን እየሰበሰበ ሄዶ በኋላ መጽሐፍ አሳተመበት። ሪቻርድ ሆምስ የሚባል የብሪቲሽ ሙዚየም ሰው ነበር። ፎቶ አንሺዎችና ጋዜጠኞችም ነበሩ። ሚያዝያ 6 ቀን 1860 ዓ.ም. አፄ ቴዎድሮስ ሽጉጣቸውን ጠጡ። አምባው ተዘረፈ። ብራናው፣ ታቦቱ፣ ዘውዱ በ15 ዝሆንና በ200 ገደማ በቅሎ ተጭኖ ወረደ። ከንጉሡ ራስ ላይ ደግሞ ፀጉር ተቆረጠ። ያ ፀጉር ለንደን ካለው የጦር ሠራዊት ሙዚየም ወጥቶ ወደ አገሩ የተመለሰው በ2011 ዓ.ም. ነው።

አያቴ ፀጉሯን ስትስተካከል የወደቀውን ለቅማ በግድግዳው ስንጥቅ ትሸጉጠው ነበር። ሰው እንዳይረግጠው። ለእሷ ፀጉር ከተቆረጠ በኋላም የሰውዬው ነው። በመስታወት ሳጥን ውስጥ ቁጥር ተሰጥቶት ሲቀመጥ ብታይ ምን ትል እንደነበር አስባለሁ።

ይሄ ለእኔ የታሪክ ጉዳይ ብቻ አይደለም፤ የአጻጻፍም ጉዳይ ነው። ሰውን እንደ ናሙና የማየት ልማድ ከዘመቻው ወደ ሙዚየሙ፣ ከሙዚየሙ ወደ ፎቶው፣ ከፎቶው ወደ ድርሰቱ ገባ። ዛሬ የእኔ ተማሪ የገዛ አገሯን ሴት ልትገልጽ ስትነሳ ያገኘችው የአንገት አጥንት ብቻ ነው።

እናንተስ? ቤታችሁ የቀረ ወግም ሆነ ግጥም ካለ አምጡት። ለልጆቹ ማሳየት እፈልጋለሁ።


የአምባሰል ማር
ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 3፡02

መምህር፣ እግዜር ይስጥህ። ግን አንድ ነገር ልጨምርልህ። ከፀጉሩ በፊት ገነት ነበረች። ግሸንን ማለቴ ነው።

ጆን ሚልተን እ.ኤ.አ. በ1667 ስለ ገነት ባሳተመው ረጅም ግጥም ውስጥ "የአማራ ተራራ" ብሎ የጠራት የእኛዋ ግሸን አምባ ናት። የሐበሻ ነገሥታት ልጆቻቸውን የሚያስጠብቁባት፣ አንዳንዶች እውነተኛዋ ገነት ናት የሚሏት ቦታ አድርጎ ነው ያነሳት። ሳሙኤል ጆንሰን በ1759 የጻፈው ልብ ወለድም ጀማሪው ያው ነው፤ አንድ የሐበሻ ልዑል በተራራ በታጠረ ምቹ ሸለቆ ተዘግቶ ይኖራል፣ ሰልችቶት ያመልጣል። ኮለሪጅ ባለ አውታር መሣሪያ ስለምትጫወት የሐበሻ ልጃገረድ በጻፈው ግጥም፣ የእጅ ጽሑፉ ላይ ተራራዋን "አማራ" ብሏት ነበር። ሲታተም "አቦራ" ሆነች።

ሦስቱም ግሸንን አላዩም። ከተጓዦች መጽሐፍ ላይ ነው ያገኟት። ጆንሰን ከልብ ወለዱ በፊት የአንድ ፖርቹጋላዊ ኢየሱሳዊ ቄስ የጉዞ መጽሐፍ ተርጉሞ ነበር።

የእኔ እናት ግሸንን በጉልበቷ ነው የምታውቃት። መስከረም 21 ለንግሥ ስትወጣ ዳገቱ መሀል ላይ የምታርፍባት አንዲት ድንጋይ አለች። በየዓመቱ እዚያች ድንጋይ ላይ ተቀምጣ እግሯን ታሻለች። እዚያ ላይ ሆና የሞቱባትን ሁሉ በስም ትጠራለች። እንግዲህ መምህር፣ እኔ እንደማየው መጀመሪያ ሰው የሌለባት ገነት አደረጉን። ሁለት መቶ ዓመት ቆይተው ደግሞ ነፍስ የሌለው አካል። ዳገት ላይ ተቀምጣ ስም የምትጠራ ሴት በሁለቱም ውስጥ የለችም።


ከኩታበር እስከ ሩቅ
ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 3፡40

እኔ የምኖረው እንግሊዝ ነው። ባለፈው ዓመት ዊንዘር ሄጄ ነበር፤ ልጄን ይዤ። ዘጠኝ ዓመቱ ነው።

ልዑል ዓለማየሁ ከመቅደላ ሲወሰድ ሰባት ዓመቱ ነበር። እናቱ እቴጌ ጥሩወርቅ በመንገድ ላይ ሞቱበት። በዚያው ዓመት ጁልያ ማርጋሬት ካሜሮን የምትባል ስመ ጥር ፎቶ አንሺ አነሳችው። ፎቶዎቹን አይቻቸዋለሁ። ልጁ ካሜራውን አያይም። ወደ ጎን፣ ወደ መሬት ነው የሚያየው። ቋንቋውን ያስረሱት ልጅ እ.ኤ.አ. በ1879 በ18 ዓመቱ ሊድስ ከተማ በሳምባ ሕመም ሞተ። የተቀበረው ዊንዘር፣ በቅዱስ ጊዮርጊስ ቤተ ጸሎት ነው። ኢትዮጵያ አጽሙ ይመለስ ብላ ጠይቃ ነበር። በ2023 ከቤተ መንግሥቱ የተሰጠው መልስ "የሌሎችን አጽም ሳንነካ ማውጣት አንችልም" የሚል ነው።

ውስጥ ንግሥት ቪክቶሪያ ያሠራችለት የነሐስ ጽሑፍ አለ። ከማቴዎስ ወንጌል ነው፤ "እንግዳ ሆኜ ተቀብላችሁኛልና"። ለልጄ በአማርኛ አነበብኩለት። ትንሽ አሰበና "አባ፣ ግን እንግዳ ያደረገው ማን ነው?" አለኝ።

እዚያው ቆሜ አለቀስኩ። ሰዎች ያዩኝ ነበር። አልደበቅኩም።


ከብት ሐኪሙ
ማክሰኞ፣ ከምሽቱ 4፡15

እኔ የሥነ ጽሑፍ ሰው አይደለሁም። ኮምቦልቻ አካባቢ የእንስሳት ሐኪም ነኝ። ግን የዚህ ክር ርዕስ ከሥራዬ ጋር ይገናኛል።

እናንተ የሰው አካል ላይ ናችሁ። የከብቱን አካል አትርሱት። ክፉ ቀን የምንለው፣ በአውሮፓ አቆጣጠር ከ1880ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ እስከ 1892 የዘለቀው ረሃብ የጀመረው በበሬ ነው። በሽታውን እኛ በሥራችን "ደስታ" ነው የምንለው። አዎ፣ ስሙ ደስታ ነው። እ.ኤ.አ. በ1887 ጣሊያን ለጦሩ ቀለብ በምጽዋ በኩል ካስገባቸው ከብቶች ጋር ገባ። የአገራችን ከብት ይሄን በሽታ ከዚያ በፊት አያውቀውም፤ አካሉ መከላከያ አልነበረውም። መጀመሪያ ትኩሳት ይይዘዋል። ከዓይኑና ከአፍንጫው ይፈሳል። አፉ ውስጥ ይቆስላል። ከዚያ ተቅማጥ ነው፤ በሳምንት ወይም በአሥር ቀን ይወድቃል። በሬው ሲወድቅ ሞፈሩ ቆመ። ሞፈሩ ሲቆም ሰው ወደቀ።

የውጫሌ ውል የተፈረመው በዚያ መሀል ነው፤ ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም.፣ እዚሁ ወሎ ውስጥ። ሁላችንም አንቀጽ 17ን ተምረናል። በአማርኛው "ይቻላቸዋል"፣ በጣሊያንኛው ግዴታ። ትምህርት ቤት ግን ስለ አንዱ ቃል ሲያስተምሩን በሩ ላይ ከብት እያለቀ እንደነበር አልነገሩንም።

አሁን ወደ ድርሰቱ ልምጣ። ተማሪ ሆኜ ኤች ጂ ዌልስ እ.ኤ.አ. በ1898 ያሳተመውን የማርስ ሰዎች እንግሊዝን ስለወረሩበት ልብ ወለድ አንብቤ ነበር። ደራሲው መግቢያው ላይ እኛ አውሮፓውያንም የታዝማኒያን ሰዎች እንዲህ አጥፍተናል ብሎ ያስታውሳል። ለዚያ አከብረዋለሁ። መጨረሻው ላይ ወራሪዎቹን የሚገድላቸው ሰው አይደለም። ረቂቅ ተዋሲያን ናቸው። ምድር ላይ ያለውን ጀርም አካላቸው አያውቀውም ነበርና ወደቁ። ስለ ጀርም የተገኘው ሳይንስ ያኔ ገና ትኩስ ነበር።

መጽሐፉን ዘግቼ ቁጭ አልኩ። መጽሐፉ ከመታተሙ አሥር ዓመት ቀድሞ በእኛ አገር የሆነው ተቃራኒው ነው። ጀርሙ ከወራሪው ጋር መጣ። የወደቀው የአገሬው ነው። ዌልስ ያልጻፈው ልብ ወለድ የእኛ አያቶች ኑሮ ነበር። ይሄን የሚጽፍ አማርኛ ደራሲ እስካሁን እየጠበቅኩ ነው።

በሽታው ከምድር የጠፋው እ.ኤ.አ. በ2011 ነው። የጠፋውም በሳይንስ ነው፤ በክትባት። ይሄንንም ልብ በሉልኝ።


ሲስተር
ረቡዕ፣ ከጠዋቱ 1፡20

የሌሊት ተረኛ ነበርኩ፣ አሁን ነው ያነበብኩት። ሐኪሙ መጨረሻ ላይ ያልከውን እኔ መጀመሪያ ላይ ማለት እፈልጋለሁ።

ወንድሞቼ፣ ሳይንስን ከጠመንጃው ጋር አንድ ላይ አትሰሩት። አባቴ ፊቱ በፈንጣጣ የተበሳሳ ነበር። ልጅ እያለሁ በጣቴ ጠባሳዎቹን እየቆጠርኩ እተኛ ነበር። ሁለት እህቶቹ በዚያው በሽታ ሞተዋል። ፈንጣጣ ከኢትዮጵያ የጠፋው እ.ኤ.አ. በ1976 ነው፤ ከዓለም የመጨረሻዎቹ አገሮች አንዷ ነበርን። ያጠፉት በእግራቸው ገደል ለገደል እየሄዱ የከተቡ ሰዎች ናቸው። ብዙዎቹ የአገራችን ልጆች ነበሩ። የእኔ ትውልድ ፊቱ ለስላሳ የሆነው በእነሱ ነው።

ደሴን አስታውሱ። ኅዳር 26 ቀን 1928 ዓ.ም. የጣሊያን አውሮፕላኖች ከተማዋን ሲደበድቡ ቀይ መስቀል የተቀባበት ሆስፒታል ተመታ። ጃንሆይ ራሳቸው ከተማው ውስጥ ነበሩ። ከዚያ በኋላ የሰናፍጭ ጋዙ መጣ። ይሄ ጋዝ እንዴት እንደሚሠራ ላስረዳችሁ። ሲነካህ አያምህም። ከሰዓታት በኋላ ነው ቆዳው የሚቀላው፣ ከዚያ ውሃ የሚቋጥረው። ዓይን ያብጣል፣ ይዘጋል። ከተነፈስከው ሳምባህን ያቆስለዋል። የእኛ ሰው ባዶ እግሩን ነበር፤ ሣሩ ላይ የረጋውን ረገጠው። እ.ኤ.አ. በ1925ቱ የጄኔቫ ስምምነት የተከለከለ መሣሪያ ነው፤ ጣሊያንም ፈርማለች። በይፋ ያመነችው ግን እ.ኤ.አ. በ1996 ነው።

ጋዙን የሠራው የኬሚስትሪ ሰው ነው። ቁስሉን ያጠበው፣ በፋሻ የጠቀለለው፣ ያየውን ጽፎ ለዓለም የመሰከረውም የሕክምና ሰው ነው። ሁለቱም ሳይንስ አላቸው። ልዩነቱ የተኛው ሰው ለእነሱ ምን እንደሆነ ላይ ነው።

ፎቶውም እንደዚያ ነው። መምህር፣ ያቺ ተማሪህ ልክ ናት። ግን ስንዴ ያመጣውም ያ ፎቶ ነው። ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. ቢቢሲ መሐመድ አሚን ኮረም ላይ የቀረጸውን ባያሳይ ኖሮ ዛሬ እዚህ የምንጽፍ ስንቶቻችን እንኖር ነበር? ኮረም ያኔ ወሎ ነበረች። ይሄን ሳስብ ፎቶውን መጥላት ያቅተኛል።


የጦሳ ልጅ
ረቡዕ፣ ከጠዋቱ 2፡05

ሲስተር፣ አመሰግናለሁ። ልክ ነሽ፣ ደረቴን ነፍቼ ሁሉንም በአንድ ጆንያ ከትቼው ነበር። "የተኛው ሰው ለእነሱ ምን እንደሆነ" ያልሽውን ለልጆቹ ጥቁር ሰሌዳ ላይ እጽፈዋለሁ።

ግን ስንዴው መምጣቱ ስሟ አለመጻፉን አያስረሳኝም። ሁለቱን ባንድ ላይ መያዝ የምንችል ይመስለኛል።


ከኩታበር እስከ ሩቅ
ረቡዕ፣ ከጠዋቱ 2፡30

በዚያው ዓመት ለንደን ውስጥ ለእርዳታ የተቀዳው ዘፈን ሰዎቹ ገና መሆኑን ያውቁ ይሆን ወይ ብሎ ይጠይቃል። እዚህ በየዓመቱ ታኅሣሥ ሲመጣ በየሱቁ ይከፈታል። ሥራ ቦታዬም ይከፈታል። ላሊበላ ወሎ ውስጥ ናት። በዚያ በረሃብ ዘመን እንኳ ካህናቱ ለገና ማሜ ጋራ ላይ ቆመው ቤዛ ኩሉ ይሉ ነበር። ለሥራ ባልደረቦቼ ይሄንን ነግሬያቸው አውቃለሁ። ደነገጡ፤ ደጎች ናቸው። አላወቁም፣ በቃ።


ሐይቅ ዳር
ረቡዕ፣ ከቀኑ 7፡15

አጭር ነገር ነው የምለው። "ልብ ወለድ" የሚለውን ቃል አስባችሁት ታውቃላችሁ? ልብ የወለደው። በአፈወርቅ ገብረኢየሱስ መጽሐፍ ርዕስ ላይ ነው የመጣው፤ "ልብ ወለድ ታሪክ"። የመጀመሪያው የአማርኛ ልብ ወለድ ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1908 የታተመው ደግሞ ሮም ላይ ነው። አፈወርቅ ያኔ ጣሊያን አገር ይኖር ነበር።

ዓድዋ ላይ ከተሸነፈው አገር ማተሚያ ቤት ወጥቶ የመጣ መጽሐፍ ነው። ስሙ ግን ሙሉ በሙሉ ከእኛ አካል የወጣ ነው። ልብ ያረግዛል፣ ልብ ይወልዳል። ሳይንስ ነክ ድርሰትን እንኳ ዛሬ "ሳይንስ ልብ ወለድ" ነው የምንለው። አማርኛ አካልን ከሰውዬው ነጥሎ ማየት አይሆንለትም። መምህር፣ መልስህ እዚያ አካባቢ ያለ ይመስለኛል።


ባቲ ሰኞ
ረቡዕ፣ ከምሽቱ 1፡50

ሐይቅ ዳር ያለው ላይ ልቀጥል።

ሉሲ የተገኘችው ሐዳር ነው። ዛሬ አፋር ክልል ነው፤ ያኔ ግን የወሎ ጠቅላይ ግዛት ነበር። ቀኑ እ.ኤ.አ. ኅዳር 24 ቀን 1974 ነው። በእኛ ኅዳር 15 ቀን 1967። ስልሳዎቹ ባለሥልጣናት በተረሸኑ ማግስት ማለት ነው። እስቲ እነዚህን ቀኖች አብራችሁ አስቧቸው። በ1966 ወሎ መንገድ ዳር ረግፎ ነበር። እንግሊዛዊው ጆናታን ዲምብልቢ የቀረጸውን የረሃብ ፊልም ደርግ ከቤተ መንግሥት ግብር ምስል ጋር ቀላቅሎ መስከረም 1 ማታ በቴሌቪዥን አሳየው። በማግስቱ ጃንሆይ ወረዱ። ሁለት ወር ከምናምን ቆይቶ በዚያው ክፍለ ሀገር ምድር ላይ 3.2 ሚሊዮን ዓመት የሆናት ሴት አጥንት ተገኘች። አንዱ የወሎ አካል ንጉሥ አወረደ። ሌላው የሰው ልጅን የዘር ሐረግ መጽሐፍ አስቀየረ።

ስሟን እዩ። ዶናልድ ጆሃንሰንና ጓደኞቹ ያን ማታ ድንኳናቸው ውስጥ የቢትልስ ዘፈን እየሰሙ ነበርና ከዘፈኑ ስም አወጡላት። እኛ ደግሞ "ድንቅነሽ" አልናት። ልዩነቱ ይታያችሁ። "ሉሲ" ስለ እሷ የሚወራበት ስም ነው። "ድንቅነሽ" ግን እሷኑ ማናገር ነው። አንቺ ድንቅ ነሽ። ለ3.2 ሚሊዮን ዓመት አጥንት "አንቺ" ያለ ሌላ ቋንቋ ካለ ንገሩኝ።

እኛ አጥንት ቆጠራ ስንል ዘር መቁጠር ነው። አባቴ እስከ ሰባት ቤት አጥንቱን ይቆጥራል። ሳይንቲስቶቹም አጥንት ቆጠሩ፤ 47 አገኙ፤ የአንድ ሰው አጽም አርባ በመቶ። እኔ ሳይንሱን ሳነብ አይቃወመኝም። ደስ ነው የሚለኝ። ያቺ ትንሽ ሴት፣ ቁመቷ አንድ ሜትር ትንሽ ፈቀቅ ያለች፣ በሁለት እግሯ ቀጥ ብላ የሄደችው እኛ ሰኞ ገበያ ግመል ከምንነዳበት መሬት ብዙም ሳይርቅ ነው። ታላቃችን ናት።

ደግሞም ወሎን በአካል ብቻ ነው የሚያውቋት የሚለው ላይ፣ በሙዚቃስ? ከአራቱ ቅኝቶች ሁለቱ ባቲና አምባሰል ነው የሚባሉት። አገር ስሙን ለዜማ ሰጥቷል። ይሄንንም ለልጆቹ ንገርልን።


የወረባቦዋ
ረቡዕ፣ ከምሽቱ 4፡35

አሰላሙ ዐለይኩም። ከዚህ በፊት እዚህ ጽፌ አላውቅም። ሁለት ቀን ሳነባችሁ ነበር። ለመጻፍ ድፍረት አጥቼ ነው።

እናቴ በ1977 አሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ነበር። መጠለያ ውስጥ ነበረች። የመጀመሪያ ልጇን፣ እኔ የማላውቀውን ወንድሜን፣ እዚያ ቀብራዋለች። ስሙ እንድሪስ ነበር። ስለዚያ ጊዜ አታወራም። "ሆድ ይፍጀው" ትላለች፣ ታልፈዋለች።

ግን አንድ ነገር አላት። ወዳጃ፣ የዱዓ ስብስባችን ላይ አይደለም፣ ሰው ፊትም አይደለም። ብቻዋን ቡና ስትቆላ ነው። መቁያውን እያወዛወዘች፣ ቡናው መንጣጣት ሲጀምር፣ በዜማ ትለዋለች። ልጅ ሆኜ ዘፈን ይመስለኝ ነበር። ትርጉሙ የገባኝ አግብቼ፣ ወልጄ ነው። ይኸው፦

ያ ባለ ካሜራ ምንድን ነው የለየው፣
ሆዴን አይቶ ሄደ ሆዴን ግን ሳያየው።

ራሷ ናት የገጠመችው። ከማንም አልሰማችውም። ፊደል አልቆጠረችም።

መምህር፣ ለተማሪህ ስጣት። ያቺ ፎቶው ላይ ያለችው ሴት እናቴ አይደለችም። ግን እንደ እሷ ነበረች።


የጦሳ ልጅ
ረቡዕ፣ ከምሽቱ 4፡58

እህቴ። አሁን ተነስቼ በረንዳ ላይ ወጥቼ ነው የተመለስኩት።

እንድሪስን አላህ ይማረው። እማማን ለእኔ ጉልበት ሳሚልኝ።

ሃያ ዓመት ሰምና ወርቅ አስተምሬያለሁ። ሁሌም የማመጣው ምሳሌ የሊቃውንት ነው። እማማ በአንድ መስመር፣ በአንድ ቃል ጨረሱት። ሰሙ ያበጠው፣ የተራበው ሆድ ነው፤ ካሜራው ያየው። ወርቁ ሆድ ነው፤ ሐሳብ የሚያድርበት፣ ምሥጢር የሚቀመጥበት፣ "ሆዴ ባባ" ስንል የሚባባው። ሆደ ሰፊ እንላለን። የሆዴን ላጫውትህ እንላለን። ሆድና ጀርባ ሆኑ እንላለን። ካሜራው አንዱን ሆድ ከሌላው ለይቶ ወሰደ። ቃሉ ግን አይለያቸውም።

ማክሰኞ የፈለግኩት መልስ ይሄ ነበር።


ከብት ሐኪሙ
ረቡዕ፣ ከምሽቱ 5፡10

አብሽሪ እህቴ። አላህ ሶብሩን ይስጣት። ከዚህ በላይ የምለው የለኝም።


ሲስተር
ሐሙስ፣ ከጠዋቱ 12፡45

ዛሬ ሌሊት ሁለት ሕፃናት በጣም ከስተው ገብተው ነበር። ካርዳቸውን ስሞላ ክብደት፣ ቁመት፣ የክንድ ዙሪያ ነው የሚጠይቀኝ። እሱን ሞላሁ፤ ግዴታ ነው፤ ሕይወታቸውን የማተርፈው በዚያ ነው። የክንድ መለኪያው ቀዩ ላይ ሲያርፍ ዝም ብዬ አላልፍም። ከዚያ እናቶቹ አጠገብ ተቀመጥኩ። የወረባቦዋ የጻፈችው ከጭንቅላቴ አልወጣም ነበርና "እስቲ እናንተስ እንዴት ናችሁ?" አልኳቸው። አንዷ እስኪነጋ አወራችኝ። ከስንት ዓመት ሥራ በኋላ ይሄንን ጥያቄ በሥርዓት ስጠይቅ የመጀመሪያዬ ነው ብዬ ብናገር አላፍርም።


የአምባሰል ማር
ሐሙስ፣ ከቀኑ 6፡30

ግጥሙ ልቤን ነካው። ለመምህር አንድ ሐሳብ አለኝ፤ በክፋት እንዳይታይብኝ። የአሁን ልጆች ሰምና ወርቅ ቶሎ አይገባቸውም። ሁለተኛውን "ሆዴን" "ልቤን" ብታደርገውስ? "ሆዴን አይቶ ሄደ ልቤን ግን ሳያየው።" ግልጽ ይሆናል። ቤቱም አይፈርስም።


ሐይቅ ዳር
ሐሙስ፣ ከቀኑ 7፡00

ወንድሜ፣ ግልጽ ስታደርገው እኮ ካሜራው ያደረገውን ነው የምታደርገው። ትለያቸዋለህ። ተዉት።


የጦሳ ልጅ
ሐሙስ፣ ከቀኑ 7፡20

የወረባቦዋ፣ ውሳኔው የእማማ ነው። ክፍል ውስጥ ላነበው፣ ልጆቹም ደብተራቸው ላይ ሊጽፉት ይፈቅዱልኛል? የእሳቸው ስም ይጻፍ ወይስ ይቅር? የአምባሰል ማር ያለውንም ንገሪያቸውና የሚሉትን አምጪልኝ። አርብ ሁለተኛ ክፍለ ጊዜ ላይ ነኝ።


የወረባቦዋ
ሐሙስ፣ ከምሽቱ 3፡15

ነገርኳት። መጀመሪያ ተቆጣችኝ። "የቡና ላይ ነገር አደባባይ ታወጪብኛለሽ?" አለችኝ። ከዚያ ዝም አለች። ሁለተኛውን ስኒ ቀድታ "ልጆች ናቸው?" አለች። አዎ አልኳት፣ አሥረኛ ክፍል። "እንግዲያ ይጻፉት" አለች።

ስሟን አትጻፉ ብላለች። የእንድሪስን ግን ጻፉ። ከግጥሙ በላይ፣ "ለእንድሪስ" ብለው ይጻፉ አለች።

ልቤን ስለሚለው ነገርኳት። አልገባትም። ሁለት ጊዜ አስደገመችኝ። ከዚያ "ልቤንማ ምን አጣበት፣ ሆዴ ነው እንጂ ልጅ የያዘው" አለች።